ብድራቱን የሚከፍለው፦ በአዲስ አበባ ዳርቻ የአምስት ቀናት የጉዞ ማስታወሻ

ሰኞ፣ ጥቅምት 17 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለአሥራ አራት ዓመታት እንጀራዬን የበላሁት የፕሮጀክት ግምገማ በመጻፍ ነው። ለጋሽ አገሮችና ባንኮች ገንዘባቸው የት እንደ ደረሰ ማወቅ ሲፈልጉ እኔንና መሰሎቼን በላንድክሩዘር ጭነው ወደ ቦረና፣ ወደ ዋግ ኽምራ፣ ወደ ጎዴ ይልኩን ነበር፤ እኛም ጉድጓዱን ቆጥረን፣ ገበሬውን ጠይቀን፣ አበላችንን ተቀብለን እንመለሳለን። እ.ኤ.አ. ጥር 20 ቀን 2025 የአሜሪካ መንግሥት የውጭ ርዳታው ለ90 ቀናት እንዲቆም ካዘዘ ብዙም ሳይቆይ የምሠራበት ድርጅት ውሌን በአንድ ገጽ ደብዳቤ አቋረጠ። ሥራ ፈትቼ ቤት በዋልኩባቸው ወራት፣ የአገሪቱን ዳር ድንበር ስገመግም የኖርኩ ሰው የምኖርባትን ከተማ ዳርቻ ግን በዚያ ዓይን አንድም ቀን አይቼው እንደማላውቅ ልብ አልኩ።

ስለዚህ ለአምስት ቀናት፣ ያለ መኪናና ያለ ደብዳቤ፣ በራሴ ወጪ አዲስ አበባን በዳር በዳር ልዞራት ወሰንኩ። የያዝኩት ጥያቄ አንድ ነው፤ እዚህ የቆመው ነገር በልግስና የመጣ ነው ወይስ በብድር፣ ሰዉስ የትኛው እንደሆነ ያውቃል? በቅጾቻችን ላይ «ማን ሰጠው» የሚል ሣጥን እንጂ «ማን ይመልሰዋል» የሚል አልነበረም።

የመጀመሪያው መዳረሻዬ በምዕራብ በኩል ያለው ዘነበወርቅ ነበር። ሰፈሩ ስሙን ያገኘው በ1930ዎቹ እ.ኤ.አ. ለሥጋ ደዌ ሕሙማን ከተቋቋመውና በንጉሠ ነገሥቱ ልጅ በልዕልት ዘነበወርቅ ስም ከተሰየመው ሆስፒታል ነው። እዚያው ግቢ ላይ እ.ኤ.አ. በ1965 ከብዙ አገሮች በተሰበሰበ ድጋፍ አለርት የተባለው የሥጋ ደዌ ሕክምናና ማሠልጠኛ ማዕከል ተቋቋመ፤ ከአምስት ዓመት በኋላ ደግሞ በኖርዌይና በስዊድን የሕፃናት አድን ድርጅቶች አጋዥነት የአርማወር ሐንሰን የምርምር ተቋም ተጨመረበት። ሐንሰን እ.ኤ.አ. በ1873 የበሽታውን ተሐዋስ ያገኘው ኖርዌያዊ ሐኪም ነው። ዛሬ ሆስፒታሉ ለማንኛውም በሽተኛ ክፍት ነው፤ ታክሲ ጠሪውም «አለርት! ዘነበወርቅ!» እያለ ሲጮህ ከቃሉ ጋር ምንም ዓይነት ኀፍረት አብሮ አይወጣም። ድሮ እንዲህ እንዳልነበረ የነገሩኝ በበሩ አጠገብ ፀሐይ ሲሞቁ ያገኘኋቸው አንድ አባት ናቸው።

«ከጎጃም ስመጣ አውቶቡስ አይጭነንም ነበር። በሌሊት በእግር፣ ቀን ጫካ ውስጥ እየተኛን ነው የደረስነው» አሉኝ፤ ከጣቶቻቸው የቀሩት አጫጭር ናቸው፤ በመዳፋቸው ጠርዝ የያዟት ብትር ግን ከእጃቸው አትላቀቅም። ልጃቸው ግቢው ውስጥ ባለው የእጅ ሥራ ክፍል ጥልፍ ትጠልፋለች።

መድኃኒቱን ማን እንደሚከፍል ያውቁ እንደሆነ ጠየቅኋቸው። ሦስት መድኃኒቶችን አጣምሮ የሚሰጠውና እንደ በሽታው ዓይነት በስድስት ወይም በአሥራ ሁለት ወር የሚያድነው ሕክምና፣ እ.ኤ.አ. ከ2000 ጀምሮ ኖቫርቲስ የተባለው የስዊዘርላንድ ኩባንያ በዓለም ጤና ድርጅት በኩል በነፃ የሚያቀርበው ነው። እሳቸው ግን ኩባንያውንም ድርጅቱንም አያውቁም። «ፈረንጆቹ መጡ፣ ሄዱ። ሐበሾቹ ሐኪሞች ተተኩ። መድኃኒቱ አልቆመም» አሉኝ። ይህችን ሦስት ዐረፍተ ነገር ለመጻፍ እኔ አርባ ገጽ ይፈጅብኝ ነበር። የአለርትን ያህል ከለጋሽ እጅ ወጥቶ በአገር እጅ የቆመ ነገር በሥራ ዘመኔ ብዙ አላየሁም፤ እንዲህ የሆነውም፣ በእኔ ግምት፣ ገና ከጥዋቱ የማሠልጠኛ ቦታ ሆኖ ስለ ተተከለ ነው።

ከዚያ በእግሬ ወደ ቆሼ ወረድኩ። ከመድረሱ በፊት ሽታው ደረሰኝ። ከስድሳ ዓመት ለማያንስ ጊዜ የአዲስ አበባ ጥራጊ የተከመረበት ይህ ተራራ መጋቢት 2 ቀን 2009 ዓ.ም. ቅዳሜ ማታ ተንዶ ከሥሩ የነበሩትን የላስቲክና የጭቃ ቤቶች ዋጣቸው፤ ከ110 በላይ ሰው ሞተ፤ የሕዝብ እንደራሴዎችም የሦስት ቀን ብሔራዊ ሐዘን ዐወጁ። ያን ሰሞን እኔ ሶማሌ ክልል የውኃ ነጥብ ስቆጥር ነበር፤ ዜናውን የሰማሁት ከሾፌራችን ስልክ ነው። አዲስ አበቤ ሆኜ ቆሼን ረግጬ የማላውቅ መሆኔ ያን ጊዜም አሳፍሮኝ ነበር፤ ግን ኀፍረቱ ወደዚህ አላመጣኝም።

ከአደጋው በኋላ የተባበሩት መንግሥታት የሰዎች መኖሪያ ፕሮግራም በጃፓን መንግሥት ገንዘብ ፉኩኦካ የሚባለውን ዘዴ እዚህ ሞክሯል። ነገሩ ቀላል ነው፤ በክምሩ ውስጥ ቀዳዳ ያላቸው ቱቦዎች ይዘረጉና ቆሻሻው የሚያፈልቀው ጥቁር ፈሳሽ ወደ ውጭ ይወጣል፣ አየር ወደ ውስጥ ይገባል፣ በዚህም ክምሩ ይረጋል፣ የሚቴን ጋዙም ይቀንሳል። ውድ መሣሪያ የማይጠይቅ በመሆኑ ወደድኩት። ከአጠገቡ የቆመው፣ ቆሻሻን አቃጥሎ ኤሌክትሪክ የሚያመነጨው የረጲ ፋብሪካ ግን ሌላ ታሪክ ነው። በነሐሴ 2010 ዓ.ም. የተመረቀው ይህ ፋብሪካ በቀን 1,400 ቶን ያህል ቆሻሻ እንዲያቃጥል የታቀደ ሲሆን ወደ 120 ሚሊዮን ዶላር ወጥቶበታል፤ ከፋዩም የኢትዮጵያ መንግሥት ራሱ ነው። የቻይና ኩባንያ ስለ ሠራውና የዴንማርክ አማካሪዎች ስለ ነበሩበት ግን መንገድ ዳር ሻይ የምታፈላው ልጅ «የፈረንጅ ርዳታ ነው» ብላ አስረግጣ ነገረችኝ። የእኛ ነው ስላት በትዝብት አየችኝ። በአገራችን የገዛ ገንዘባችን የሠራውን ነገር ሰው የሚያምነው በስንት ማስረጃ እንደሆነ እንጃ።

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 18 ቀን

ዛሬ ደቡብ ምዕራብ ነው። ከሃይሌ ጋርመንት አደባባይ አጠገብ የአፍሪካ የበሽታ መከላከያና መቆጣጠሪያ ማዕከል ዋና መሥሪያ ቤት ይታያል፤ ወደ 80 ሚሊዮን ዶላር የሚገመት የቻይና መንግሥት ስጦታ ሲሆን እ.ኤ.አ. በጥር 2023 ተመርቋል። ይህ በእርግጥ ስጦታ ነው፤ መላሽ የለውም። ከዚያ ብዙም ሳይርቅ ለቡ ላይ ያለው የጅቡቲ ባቡር ጣቢያ ግን ከዚያው አገር የመጣ ሆኖ ሳለ ስጦታ አይደለም። ሁለቱን ግንባታዎች በአንድ ጠዋት አይቶ በተራ ሰው ዓይን ልዩነታቸውን መለየት አይቻልም፤ ሁለቱም ሰፊ አደባባይ፣ ሁለቱም የሚያብለጨልጭ መስታወት፣ ሁለቱም በየበሩ የቆመ ጥበቃ አላቸው።

የፉሪ ለቡ ጣቢያ የተመረቀው እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2016 ነው። ወደ 750 ኪሎ ሜትር የሚጠጋው መሥመር የኢትዮጵያውና የጅቡቲው ክፍል ተደምሮ 4 ቢሊዮን ዶላር ያህል የፈጀ ሲሆን፣ አብዛኛው ከቻይና የወጪና ገቢ ንግድ ባንክ የተወሰደ ብድር ነው። በ10 ዓመት ተከፍሎ እንዲያልቅ የተስማማንበት ዕዳ ገና በጅምሩ ከበደንና እ.ኤ.አ. በ2018 በተደረገ ድርድር ወደ 30 ዓመት ተዘረጋ። ጣቢያው ከመሐል ከተማ የራቀ በመሆኑ ዕቃ የያዘ መንገደኛ ከባቡሩ ዋጋ ያላነሰ ለታክሲ ሲከፍል ይታያል። የድሮው የፈረንሣዮቹ ባቡር እ.ኤ.አ. በ1917 አዲስ አበባ ሲገባ እስከ ከተማው ልብ ድረስ መጥቶ ነበር፤ ለገሀር የሚለው ስም ራሱ ጣቢያ ማለት ከሆነው የፈረንሣይኛ ቃል የቀረ ነው። ያም ቢሆን የውጭ ኩባንያ ንብረት ነበር፤ ለትውስታ ግን «የእኛ ባቡር» ሆኖ ቀርቷል።

መጠበቂያው ውስጥ አንድ የድሬዳዋ ነጋዴ አጠገቤ ተቀመጠ። ባቡሩን ይወደዋል፤ «መኪና ላይ ስሄድ ወገቤ ያልቅ ነበር» ይላል። ብድሩን ስነግረው ትከሻውን ነቀነቀ። «ቻይና ምን አላት፣ ትሰርዝልናለች»። ይህን ተስፋ ከብዙ የተማረ ሰው አፍም ሰምቼዋለሁ፤ ግን ዕዳ በዚህ መንገድ ሲሰረዝ እምብዛም አላየንም። ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. በ2021 መጀመሪያ በቡድን 20 የጋራ ማዕቀፍ ዕዳዬ ይስተካከልልኝ ብላ አመለከተች፤ በታኅሣሥ 2023 ደግሞ በ2014 ለሸጠችው የ1 ቢሊዮን ዶላር ቦንድ ልትከፍል የሚገባትን 33 ሚሊዮን ዶላር ወለድ ሳትከፍል ቀረች፤ ከአበዳሪ መንግሥታት ኮሚቴ ጋር በመርሕ ደረጃ የተስማማችውም እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2025 ነው። አራት ዓመት ማለት ነው። ለነጋዴው ይህን ሁሉ አልነገርኩትም፤ ባቡሩ ተጠርቶ ተነሣ።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 19 ቀን

ወደ ቃሊቲ ለመሄድ ሳሪስ ላይ ቀላል ባቡሩን ጠበቅሁ፤ አርባ ደቂቃ ጠበቅሁ። እ.ኤ.አ. በመስከረም 2015 ሥራ የጀመረው የ34 ኪሎ ሜትር መሥመር 475 ሚሊዮን ዶላር የወጣበት ሲሆን፣ 85 በመቶው ከዚያው የቻይና ባንክ የተበደርነው ነው። ሲጀመር 41 ባቡሮች ነበሩት፤ ቆይቶ ግን ብዙዎቹ በመለዋወጫ እጦት ቆመዋል፤ ብድሩ በዶላር፣ መለዋወጫውም በዶላር፣ ቲኬቱ ግን በብር ነው። ስንሳፈር የነበረን ሰዎች ብዛት፣ አንዱ ቀልደኛ እንዳለው፣ «ባቡሩን እኛ እንደገፋነው» ነበር። ቢሆንም ለጥቂት ብር ከሳሪስ ቃሊቲ ያደርሳልና ማንም አልወረደም።

ቃሊቲ የከተማዋ ቆሻሻ ውኃ መጨረሻ ነው። ከ1970ዎቹ ዓ.ም. ጀምሮ እዚህ የማጣሪያ ኩሬዎች ነበሩ፤ ከቅርብ ዓመታት ወዲህ ደግሞ በዓለም ባንክ ገንዘብ በቀን 100,000 ሜትር ኩብ የሚያጣራ አዲስ ጣቢያ ተሠርቷል። በሩ ላይ ስደርስ ጥበቃው «ደብዳቤ አለህ?» አለኝ። ድሮ ቢሆን ደብዳቤው፣ መኪናውና ባርኔጣዬ ላይ የታተመው አርማ ከእኔ ቀድመው ይገቡ ነበር። የለኝም ስለው ከፊቱ ላይ ያነበብኩት ንቀት አልነበረም፤ ግራ መጋባት ነበር። ደመወዝ ሳይከፈለው የፍሳሽ ማጣሪያ ለማየት የመጣ ሰው አይቶ አያውቅም ይሆናል። በአጥሩ ዳር ዞሬ ክብ ክብ ገንዳዎቹን በሩቁ አየሁ።

እዚህ ላይ ስለ ዓለም ባንክ ገንዘብ አንድ ነገር ሳልጽፍ አላልፍም፤ ምክንያቱም ሥራዬ ውስጥ እያለሁ እንኳ ነገሩን በቅጡ ያጤንኩት ዘግይቼ ነው። ድሃ አገሮችን የሚያግዘው የባንኩ ክንድ፣ እ.ኤ.አ. በ1960 የተቋቋመው ዓለም አቀፉ የልማት ማኅበር፣ ገንዘቡን ለአንዱ አገር በልገሳ፣ ለሌላው ረጅም የእፎይታ ጊዜ ባለው ርካሽ ብድር ይሰጣል፤ የሚለየውም በአገሩ የዕዳ ሥጋት መጠን ነው። ዕዳው ሲበረታ ልገሳው ይጨምራል። እ.ኤ.አ. በሐምሌ 2024 ብር በገበያ እንዲተመን በተወሰነ ማግሥት ባንኩ ለኢትዮጵያ ካጸደቀው 1.5 ቢሊዮን ዶላር ውስጥ 1 ቢሊዮኑ ልገሳ፣ 500 ሚሊዮኑ ብድር ነበር። ዜናው ግን በየሬዲዮው «የ1.5 ቢሊዮን ዶላር ድጋፍ» ተብሎ ተነገረ። ድጋፍ የሚለው ቃል የሁለቱንም ነውር የሚሸፍን ነጠላ ነው።

ጥፋቱ የጋዜጠኛው ብቻም አይደለም። ለጋሾቹ ራሳቸው ርዳታቸውን በሚቆጥሩበት፣ ኦኢሲዲ በሚባለው የሀብታም አገሮች የኢኮኖሚ ትብብር ድርጅት መዝገብ ብድርም ርዳታ ተብሎ ይመዘገባል። እስከ 2018 እ.ኤ.አ. በነበረው ሕግ፣ ወለዱ ረከስ እስካለ ድረስ የብድሩ ሙሉ ገንዘብ በተሰጠበት ዓመት ርዳታ ሆኖ ይቆጠር ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ከብድሩ ውስጥ ልገሳ ነው ተብሎ የሚሰላው ክፍል ብቻ ይቆጠራል። ሀብታም አገሮች ከብሔራዊ ገቢያቸው 0.7 በመቶውን ለርዳታ እንዲያውሉ የተባበሩት መንግሥታት ጉባኤ የወሰነው እ.ኤ.አ. በ1970 ነው፤ በ2015 ስለ ልማት ገንዘብ የተደረገው ሦስተኛው ዓለም አቀፍ ጉባኤ እዚህ አዲስ አበባ ተሰብስቦ ቃሉን ሲያድስ እኔም በአስተርጓሚነት አዳራሹ ውስጥ ነበርኩ። ያን ቃል የሚጠብቁት አገሮች ዛሬም በአንድ እጅ ጣት የሚቆጠሩ ናቸው፤ ሲጠብቅ የነበረው የእንግሊዝ መንግሥት እንኳ በ2021 ወደ 0.5 አውርዶ፣ እስከ 2027 ደግሞ ወደ 0.3 እንደሚያወርደው ዐውጇል። በዚያ ሳምንት ስንት ጊዜ «አጋርነት» የሚለውን ቃል እንደ ተረጎምኩ አላስታውስም።

ከቃሊቲ ወደ አቃቂ በሚኒባስ ወርጄ የወንዙን ዳር ተከትዬ ሄድኩ። በዚህ ወር ክረምቱ ካለፈ ብዙም ስላልቆየ ወንዙ ሞልቷል፤ ቀለሙ ግን የቡና አተላ ነው። በሁለቱም ዳር ቆስጣ፣ ሰላጣ፣ ጥቅል ጎመን፣ ቀይ ሥር ተዘርቷል፤ የአዲስ አበባ ገበያ ቅጠላ ቅጠል ብዙው ከዚህ ነው የሚሄደው። ከቆዳ ፋብሪካና ከሌላውም ፋብሪካ የሚለቀቅ ከባድ ብረት በእነዚህ አትክልቶች ውስጥ እንደሚገኝ በተደጋጋሚ ተጠንቶ ተጽፏል። ጄኔሬተር ፓምፕ አስነሥተው ማሳቸውን የሚያጠጡ አንዲት ሴት ቆም ብዬ ሰላም ስላቸው በኦሮምኛ መለሱልኝ፤ ቆይተው አማርኛውን ያዙት።

«ማጣሪያው ከመጣ ወዲህ ውኃው ተሻሽሏል?»

«በጋ ላይ ይሻላል መሰለኝ። ክረምት ሲመጣ ግን ሁሉም አንድ ነው፣ ወንድሜ። ከላይ ፋብሪካው ይለቃል፣ ከላይ ቤቱ ይለቃል።»

«ማጣሪያው በምን ገንዘብ እንደ ተሠራ ያውቃሉ?»

«ርዳታ ነዋ» አሉኝ፤ ቆየት ብለው ደግሞ፣ «ነዳጁን ግን እኔ ነኝ የምገዛው»።

የፓምፑን ነዳጅ ማለታቸው ነው። ማስታወሻዬ ላይ ከዚህ ሁሉ ቁጥር አስበልጬ ያሰመርኩበት ይህን ነው፤ ምክንያቱም በገመገምኳቸው የውኃ ፕሮጀክቶች ውስጥ ዋናው በሽታ ግንባታው ሆኖ አያውቅም፤ ነዳጁን፣ ዘይቱን፣ ጎሚኒውን የሚገዛ ሰው ባጀት ውስጥ አለመኖሩ ነበር። እኚህ ሴት ማንም ፕሮጀክት ሳይሰጣቸው ለአሥራ ስምንት ዓመት ያለማቋረጥ አጠጥተዋል። ያጠጡበት ውኃ መርዝ ያለው መሆኑ ሌላ ጉዳይ ነው፤ እሳቸውም ያውቁታል፤ «ለልጆቼ የምቀቅለውን ከጉድጓድ ነው የማጠጣው» አሉኝና ከቤታቸው ጥግ ያለችውን ትንሽ መደብ አሳዩኝ። እኔ የአዲስ አበባ ነዋሪ የምበላው ግን ከወንዙ ዳር ያለውን ነው። ፈገግ አልን ሁለታችንም፤ የእኔ ፈገግታ ትንሽ ጎምዛዛ ነበር።

አመሻሹ ላይ በባጃጅ እስከ አባ ሳሙኤል ግድብ ተጓዝኩ። ከአገሪቱ የመጀመሪያዎቹ የውኃ ኃይል ማመንጫዎች አንዱ የነበረው ይህ ግድብ ለረጅም ዘመን ሥራ አቁሞ ከቆየ በኋላ በቻይና መንግሥት ልገሳ ታድሶ እ.ኤ.አ. በ2016 እንደገና 6.6 ሜጋ ዋት ማመንጨት ጀምሯል። ሐይቁን እምቦጭ ሸፍኖታል፤ ከላይ ስለ ሴትዮዋ ያልኩት ውኃ የሚጠራቀመው እዚህ ነው። ልገሳው ተርባይኑን አደሰ፤ ወንዙን የሚያጸዳ ልገሳ ግን አልመጣም፤ ሊመጣም የሚችል አይመስለኝም፤ ምክንያቱም ወንዝ ማጽዳት የፋብሪካውን ቱቦ መዝጋት ነው፤ ቱቦ ለመዝጋት ደግሞ የሚያስፈልገው ብድርም ስጦታም አይደለም።

ሐሙስ፣ ጥቅምት 20 ቀን

እግሬ ስለ ቆሰለ ዛሬ ያየሁት ትንሽ ነው። ከመገናኛ በሚኒባስ ለገጣፎን አልፌ ሰንዳፋ ገባሁ። በመንገዱ በአንዱ ወገን እ.ኤ.አ. ከ1970 ጀምሮ አዲስ አበባን የሚያጠጣው የለገዳዲ ግድብ ውኃ አለ፤ በሌላው ወገን ማሳው ቢጫ መምታት ጀምሯል፤ ጤፉ ገና ነው።

የመጣሁበት ጉዳይ ግን ቆሻሻ ነበር። ቆሼን ዘግቶ የሚተካው ዘመናዊ የቆሻሻ ማስወገጃ በፈረንሣይ የልማት ኤጀንሲ ገንዘብ የተሠራው እዚህ ሰንዳፋ አካባቢ ነው። በ2008 ዓ.ም. ሥራ ጀምሮ ለወራት ብቻ ካገለገለ በኋላ በዚያው ክረምት በገበሬዎች ተቃውሞ ተዘጋ፤ የከተማው ቆሻሻም ተመልሶ ወደ ቆሼ ሄደ። ቆሼ በተናደ ጊዜ ያ መመለስ ገና ዓመት አልሞላውም ነበር። ሰኞ ዕለት የቆምኩበትን ቦታ በዛሬው መስክ ላይ ቆሜ ሳስበው የሁለቱ ርቀት በካርታው ላይ እንደሚታየው አልሆነልኝም።

መሬቱ ከማን ተወሰደ፣ ስንት ተከፈለ፣ ፈሳሹ ወዴት ወረደ የሚለውን አንድ ሽማግሌ ገበሬ ከዛፍ ሥር ተቀምጠው አጫወቱኝ። «መጥተው ለኩ፣ ካሳ ሰጡ፣ ፓርክ ይመስላል አሉን። ያመጡት ግን የአዲስ አበባን ሽታ ነው» አሉ፤ ከብቶቻችን ከፈሳሹ ጠጥተው ታመሙብን ይላሉ። ምክክር ተደርጎ እንደሆነ ስጠይቃቸው፣ «ስብሰባ ነበር፣ ፈርመናል፣ ለስላሳ ጠጥተናል» አሉኝ። ያቺን ፊርማ እኔ አውቃታለሁ። በስንት ዘገባዬ ጀርባ ላይ «የማኅበረሰብ ተሳትፎ» በሚል አባሪ አድርጌ አያይዣታለሁ፤ የአበል ወይም የለስላሳ መቀበያ ፊርማ መሆኗን እያወቅሁ። ለቆሼ ሟቾች ተጠያቂው ማን እንደሆነ ለመፍረድ እኔ ዳኛ አይደለሁም፤ ያቺ ዓይነት ወረቀት ግን ከተጠያቂዎቹ አንዷ ናት ብዬ አምናለሁ።

በጊዜ ተመለስኩ።

ዓርብ፣ ጥቅምት 21 ቀን

ዛሬ ማርያም ናት። ከሽሮ ሜዳ ጀምሮ ወደ እንጦጦ የሚወጣው መንገድ በነጠላ ነጭ ብሏል። ሸማኔዎቹ ጥበቡን ደጃፍ ላይ ሰቅለው፣ ከላይ ደግሞ ቅጠል የተሸከሙ ሴቶች ጎንበስ ብለው ይወርዳሉ። ይህን ተራራ ያለበሰው ባሕር ዛፍ ከአውስትራሊያ የመጣ ሲሆን ምኒልክ በ1890ዎቹ እ.ኤ.አ. ነው ያስገቡት፤ ማገዶ ያለቀባትን ከተማ ከመሰደድ ያዳናት እሱ ነው ይባላል። በ1990ዎቹ እ.ኤ.አ. ደግሞ ዓለም አቀፉ የሥራ ድርጅት ቅጠል ተሸካሚዎቹ ሸክሙን ትተው ወደ ሽመና የሚዞሩበትን ፕሮጀክት አግዟል፤ ከዚያ የወጣው ማኅበር ሻሎችን እየሸመነ ዛሬም አለ። ተሸካሚዎቹም ዛሬም አሉ። ሁለቱ እርስ በርስ አይቃረኑም፤ ከገጠር የምትመጣ አዲስ ሴት ሁልጊዜ አለች፤ ፕሮጀክት ግን ስም ዝርዝር ይዞ ይጀምርና በስም ዝርዝሩ ያበቃል።

ጠበሉ ያለበት ቦታ ከቅዳሴ በኋላ ደረስኩ። እንጦጦ ማርያም ጠበል ከኤች አይ ቪ ጋር የሚኖሩ ብዙ ሰዎች ለዓመታት የሰፈሩበት ነው። ነፃ የፀረ ኤች አይ ቪ መድኃኒት በአገራችን የተጀመረው በጥር 1997 ዓ.ም. ሲሆን፣ ገንዘቡ በዋነኛነት የመጣው እ.ኤ.አ. በ2003 ከተመሠረተው የአሜሪካ መንግሥት የኤች አይ ቪ መርሐ ግብር ከፔፕፋርና ኤድስን፣ ቲቢንና ወባን ለመዋጋት ከቆመው ዓለም አቀፍ ፈንድ ነው። መጀመሪያ ላይ ጠበልተኛው መድኃኒቱን ከያዘ ጠበሉን የካደ ይመስለው ነበር፤ ብዙ ሰው በዚህ አለቀ። በ1999 ዓ.ም. ፓትርያርኩ አቡነ ጳውሎስ ሁለቱም የእግዚአብሔር ስጦታ ናቸው፣ አብረው ይወሰዱ ብለው አስተማሩ። በርዳታ ሥራ ውስጥ ባየሁት ዘመን ሁሉ ዶላር የማይገዛውን ሥራ አንድ ቃል የሠራበት ከዚህ የበለጠ ምሳሌ አላውቅም።

አንዲት እናት፣ ዕድሜያቸው ስድሳ ያለፈ፣ ቢጫ ጀሪካን ይዘው ድንጋይ ላይ ዐርፈው አገኘኋቸው። ከወሎ መጥተው ለአሥራ ሰባት ዓመት እዚህ ተከራይተው ይኖራሉ። መድኃኒታቸውን የሚወስዱት ከተራራው ሥር ካለ ጤና ጣቢያ ነው።

«አሁንም ይሰጥዎታል እማማ?»

«ይሰጠኛል። እሱስ አልቀረም። የምትደውልልኝ ልጅ ናት የቀረችው።»

ቀጠሯቸውን የምታስታውሳቸው፣ የቀሩ እንደሆነ ቤታቸው ድረስ የምትመጣ አንዲት ወጣት ነበረች። አምና በጥር ጤና ሚኒስቴር በአሜሪካ ገንዘብ የተቀጠሩ 5,000 የጤና ሠራተኞችን ውል ማቋረጡ ሲሰማ የእሷም ውል አብቅቷል። መድኃኒቱ ሕይወት አድን ነው ተብሎ ከእገዳው ወጣ፤ ደዋይዋን ግን ሕይወት አድን ያላት የለም። የእኔም ውል በዚያው ወር እንዳበቃ ነገርኳቸው፤ እኔ ግን ለማንም ስልክ ስላልደወልኩ የሚያዝንልኝ የለም አልኳቸውና ሳቁ።

ከዚያ አምስት ቀን የያዝኩትን ጥያቄ ጠየቅኋቸው። ይህ መድኃኒት ርዳታ ነው ወይስ ብድር ይመስልዎታል? ለጥቂት ጊዜ ዝም ብለው አዩኝ፤ ጥያቄው ያልገባቸው መስሎኝ ላስረዳ ስል በእጃቸው አስቆሙኝ።

«የሰጡኝን ሰዎች አላውቃቸውም። ማታ ማታ ስውጠው ግን ብድራታቸውን ይክፈላቸው እላለሁ። እኔ በምን እከፍለዋለሁ? እሱ ይክፈላቸው።»

ጀሪካናቸው ሃያ ሊትር ነበር። እንዳልሸከምላቸው ትንሽ ከተግደረደሩ በኋላ ለቀቁልኝና፣ እሳቸው ከፊት እኔ ከኋላ፣ በባሕር ዛፉ መሐል ቁልቁል ወደ ሽሮ ሜዳ ወረድን። መንገዱ ላይ የልጅቷን ስልክ ቁጥር ከመቀነታቸው ውስጥ ፈትተው አወጡና እንድደውልላቸው ሰጡኝ፤ ጠራ፣ አላነሣችም፤ ሁለተኛ ስሞክር አነሣች።